አፉ ያስባሏት ልጅ

ጀላል ይግባኝ የሚባለውን ነገር የሚያውቀው በወሰን ከተካሰሱ ጎረቤቶቹ ነበር። ለመሬትማ ይሁን፤ መሬት አስር ዳኛ ቢለካው ያው መሬት ነው፤ አያፍር፣ አያለቅስ። በሴት ልጁ ላይ የተሠራው ግፍ ግን ተፈርዶ ካለቀ በኋላ እንደገና ይለካል ሲሉት ጆሮውን ተጠራጠረ።

ልጁ ከሪማ ከቢስቲማ ወዲያ ካለው ቀዬአቸው ወርዳ ኮምቦልቻ አንድ የጨርቅ ሱቅ ተቀጥራ ትሠራ ነበር። የባለሱቁ ልጅ ሂሻም አንድ ከሰዓት በኋላ «ጣቃውን አብረን እንቁጠር» ብሎ ከጓሮ ካለው መጋዘን አስገባትና በሩን ከውስጥ ቀረቀረው። ከዚያ ወዲያ የሆነውን ከሪማ ለእናቷ ተናግራዋለች፣ ለፖሊስ ተናግራዋለች፣ በዝግ ችሎት ለዳኛ ተናግራዋለች። እኛ ደግሞ ለአራተኛ ጊዜ አናስነግራትም።

የመጀመሪያው ዳኛ አመናት። ሽበት የወረረው ወሎዬ ነው፤ ከሪማ ስትናገር ብዕሩን ጠረጴዛው ላይ አጋድሞ ሰማት ይባላል። በሂሻም ላይ ስምንት ዓመት የፈረደበት ቀን፣ በሰው ፊት ማልቀስ የማያውቀው ጀላል ፊቱን በጋቢው ሸፍኖ አለቀሰ። ከዚያ ሰኞ ገበያ ወርዶ ለሚስቱ ለቢልቂስ ሻሽ ገዛ። ለከሪማም ሊገዛ አስቦ ነበር፤ ግን ምን ዓይነት ቀለም እንደምትወድ እንደማያውቅ ሲገባው አፍሮ ተወው።

ደስታው አልከረመም። ክረምቱ ሳይወጣ ዐቃቤ ሕጓ ሰርካዲስ ደወለችለት። ሰርካዲስ ደሴ ሆጤ ሰፈር ተወልዳ ያደገች፣ እሑድ በመጣ ቁጥር ከጸሎት ቤቷ መዘምራን መሐል የማትጠፋ ጴንጤ ናት። የከሪማን ጉዳይ በያዘች ቀን «በጌታ ስም እልሻለሁ፣ አልለቀውም» ብላት ነበር፤ አልለቀቀችውምም።

«ጋሽ ጀላል፣ የሂሻም ይግባኝ ያስቀርባል ተብሏል» አለችው። «ዳኞቹ የሚታይ ነገር አለው ብለዋል ማለት ነው።»

«እንግዲያ ከሪማን ይዤ ልምጣ?»

«ይምጡ። ግን እሷ አትናገርም። ምስክርም አይጠራም። ሦስት ዳኞች ተቀምጠው የተጻፈውን ነው የሚያነቡት።»

«እሷን ሳያዩ?»

«ሳያዩ።»

«ዕንባዋስ? ያ ዳኛ ያየው ዕንባስ?»

«‹ምስክሯ አለቀሰች› የሚል መዝገቡ ውስጥ የለም» አለችው።

ጀላል ሚዛን ያውቃል፤ ዕድሜውን ሁሉ ቢስቲማ ገበያ ማሽላ ሲሸጥ የኖረ ሰው ነው። ጆንያውን ሳይፈታ፣ እጁን ሳይከት፣ እህሉን ሳያሸት ዋጋ የሚቆርጥ ነጋዴ ገጥሞት አያውቅም። ቢገጥመው «ሂድ ወዲያ» ይለው ነበር። ለመንግሥት ዳኛ ግን ሂድ ወዲያ አይባልም።

ከቀጠሮው በፊት አባትና ልጅ ደሴ ገብተው ሰርካዲስ ቢሮ ተቀመጡ። ከሪማ ሂጃቧን እስከ ቅንድቧ አውርዳ እጇን ጭኗ ላይ አጣጥፋለች። ከፍርዱ ወዲህ ትንሽ ሥጋ ዘርታ፣ ከእናቷም ጋር መሳቅ ጀምራ ነበር። ጀላል ይህን እያየ ነው የከረመው፤ ያ ሳቅ እንዳይጠፋ ማንኛውንም ነገር ቢሉት ያደርግ ነበር።

«የሂሻም ጠበቃ ሦስት ነገር ይዟል» አለች ሰርካዲስ። «አንደኛ፣ ከሪማ ቆይታ ነው ለፖሊስ ያመለከተችው ይላል።»

«አገሯ ገብታ ለእናቷ እስክትነግር ነው የቆየች።»

«ሁለተኛ፣ የሐኪሙ ማስረጃ ደካማ ነው ይላል።»

«ገላዋን ታጥባ ነበራ! ሳትታጠብ እንዴት ትስገድ?»

«እሱንም የመጀመሪያው ፍርድ ቤት አይቶ አልፎታል። ሁለቱን እመልሳቸዋለሁ። የሚያስፈራኝ ሦስተኛው ነው።» ሰርካዲስ ዓይኗን ከወረቀቱ ላይ አላነሣችም። «አፉ ብላለች፣ ይቅር ብላዋለች ይላል። ማለቷ ብቻ አይደለም፣ ራሷም አፉ በሉኝ ብላ ለምናለች ይላል።»

ከሪማ ንቅንቅ አላለችም። ጀላል ግን ከወንበሩ ተነሣ። እዚህ ላይ እሱ የሚያውቀውን፣ መዝገቡ ግን የማያውቀውን ነገር መናገር ግድ ይሆናል።

ከሪማ በእናቷ እጅ ተይዛ ከፖሊስ ዘንድ ሄዳ ሂሻም በተከሰሰ ሰሞን፣ ጀላል ክላሹን ከሳጥን አውጥቶ መወልወል ጀምሮ ነበር። ሂሻምን ባያገኝ ወንድሙን፣ ወንድሙን ባያገኝ አጎቱን ሊገድል። ይህ የተሰማ ቀን ሸህ የሱፍ ከቤታቸው ተነሡ። ሸህ የሱፍ አበጋር ናቸው፤ ከአያት ከቅድመ አያታቸው ጀምሮ ደም የተቃባ የሚያስታርቁ፣ ሙስሊሙም ክርስቲያኑም ቃላቸውን የሚፈራ። አበጋር ደጅህ መጥቶ እምቢ ካልከው፣ ያገሬው ሰው እንደሚያምነው፣ እርግማኑ ከብትህንም ልጅህንም አይምርም። ጀላል ደግሞ ከጥይት ይልቅ እርግማን የሚፈራ ሰው ነው።

«እኛ የመጣነው ደሙን ልናደርቅ ነው» አሉት ሸህ የሱፍ። «ሕጉ የመንግሥት ነው፤ እሱ ውስጥ አንገባም። አንተ መሣሪያህን አስቀምጥ፣ እነሱ አንገታቸውን ይድፉ። ይኸው ነው ወላሂ።»

ካሳ ሲሉት «የልጄን ገላ አልሸጥም» ብሎ መለሰ። እርቁን ግን ስለ ጀሊሉ፣ ስለ አላህ ብሎ እሺ አለ። ቤቱ በሰው ሞላ። የሂሻም አባትና አጎቶቹ የበሩ ደፍ ላይ ተደፉ፤ በዋስ የወጣው ሂሻም ራሱም መጥቶ በጉልበቱ ተንበረከከና «ካጠፋሁ አፉ በሉኝ» አለ። የወሎ ሙስሊም ይቅር በሉኝ አይልም፤ አፉ በሉኝ ነው የሚለው። ጀላል ጥርሱን ነክሶ «አፉ» አለ፤ ከሪማም አባቷን ተከትላ «አፉ» አለች።

ደንቡ ግን እዚያ ላይ አያበቃም። እርቅ ባንድ ወገን አይሆንም፤ የበደለም የተበደለም አፉ ይባባላል። በሬውን የተሰረቀ ሰው እንኳ ከሌባው ጋር ሲታረቅ «እኔም በክፉ አንስቼህ እንደሆን አፉ በለኝ» ይላል፤ ካላለ ዱዓው አይዘጋም። እናም ሸህ የሱፍ እጃቸውን ለዱዓ እንደዘረጉ ዓይናቸውን ከከሪማ ላይ ጣሉ።

«አንቺም በይ፣ ልጄ።»

«ምን ልበል?»

«እኔም ካጠፋሁ አፉ በሉኝ በይ። ደንቡ ነው።»

«እኔ ምን አጠፋሁ?» አለች ከሪማ።

የተዘረጋው እጅ ሁሉ አየር ላይ ቀረ። እዚያ ቤት ከጠዋት ጀምሮ ከተነገረው ሁሉ እውነተኛው ነገር ይህ ጥያቄ ነበር። እውነተኛ ጥያቄ ግን በሽማግሌ ፊት ሲወጣ አባትን ያሳፍራል፤ ጀላልም አፈረ። ልጁን አልቀጣትም፣ አፈ ልቅ አድርጎ አሳደጋት እንዳይባል ፈራ። ጉድ እኮ ነው! ልጁን የደፈረ ሰው ፊቱ ተንበርክኮ፣ እሱ የሚያስጨንቀው የአስተዳደግ ሐሜት ነው።

«በይ ስልሽ በይ!» ብሎ ጮኸባት።

ከሪማ አባቷን ቀና ብላ አየችው። ከዚያ መሬት መሬት እያየች «እኔም ካጠፋሁ አፉ በሉኝ» አለች። ሰው ሁሉ «አሚን» አለ፤ ሸህ የሱፍ ፊታቸውን በመዳፋቸው አበሱ። በግ ታርዶ ነበርና ምሳ ተበላ።

ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይላል ያገራችን ሰው። ክሱ ሲቀጥል የሂሻም ጠበቃ ሸህ የሱፍን የመከላከያ ምስክር አድርጎ ጠራቸው። ሸህ የሱፍ በቁርኣን ምለው አንዲት ቃል አልዋሹም። ልጅቱ አፉ ብላለች? ብላለች። ራሷስ አፉ በሉኝ ብላለች? ብላለች። ጠበቃው አመስግኖ ተቀመጠ።

ሰርካዲስ በተራዋ ተነሥታ «መጋዘኑ ውስጥ ነበሩ?» ብላ ጠየቀቻቸው። «አልነበርኩም» አሉ። እሷም ተቀመጠች። ስለ ደንቡ አልጠየቀችም፤ ለምን ብላ ትጠይቅ? ዳኛው ወሎዬ፣ እሷ ወሎዬ፣ ጠበቃው ወሎዬ፣ በር ላይ የቆመው ፖሊስ ሳይቀር ወሎዬ። ተበዳይም አፉ በሉኝ እንደሚል እዚያ ችሎት ውስጥ የማያውቅ አልነበረም። ሁሉም የሚያውቀውን ማን ይጠይቃል? ያልተጠየቀ ደግሞ አይጻፍም።

«ጥፋቱ የኔ ነው» አለች ሰርካዲስ ቢሮዋ ውስጥ። «‹ደንቡ ነው ወይ› ብዬ ብጠይቃቸው ‹አዎ› ይሉኝ ነበር። ይጻፍልን ነበር።»

«አሁን ይጠየቁ እንጂ! ሸህ የሱፍ በሕይወት አሉ። እኔም አለሁ። ያስባልኳት እኔ ነኝ፤ ልምጣና ልናገር!»

«አመልክቼ ነበር። በሥር ፍርድ ቤት ማቅረብ ስትችሉ ያላቀረባችሁትን አሁን አንሰማም አሉኝ።»

ከሪማ ያን ጊዜ ብቻ ተናገረች። «ሂሻምም እኮ አፉ በሉኝ ብሏል» አለች። «የሱ ምን ተባለ?»

ሰርካዲስ ገጹን ገለጠች። «የሱን ጠበቃው የአካባቢው ደንብ ስለሆነ ያለው ነው፣ ጥፋት ማመን አይደለም ብሎታል።»

«የኔስ?»

ሰርካዲስ ተነሥታ መስኮቱን ዘጋች፤ ብርድም አልነበረም።

በክርክሩ ቀን ደሴን ጉም ውጧት ነበር። ሦስቱ ዳኞች ገብተው ተቀመጡ፤ ሁለት ወንዶችና ከግራ በኩል አንዲት ሴት። ሂሻም ከወህኒ መጥቶ ከጠበቃው ጎን ቆሟል፤ ወፍሯል። ጀላል ይህን ሲያይ በእስር ቤት ምግብ የሚወፍር ሰው ሕሊና የሚባል ነገር እንደሌለው ለራሱ ነገረው። ከሪማ ከኋላ ወንበር ጥግ ተቀምጣ ዳኞቹን አንድ በአንድ ታያቸዋለች። እነሱ ግን ወረቀት እንጂ እሷን አላዩም። መኖሯንም ያወቁ አይመስሉም።

ጠበቃው ብዙ ተናገረ፤ የሚገባም የማይገባም። ሰርካዲስ ስለ መቆየቷ መለሰች፣ ስለ ሐኪሙ መለሰች፣ ጥሩ አድርጋም መለሰች። ከዚያ የመሐሉ ዳኛ ገጽ ገልጦ ጣቱን አንድ ቦታ ላይ አሳረፈ።

«ዐቃቤ ሕግ፣ በደል የደረሰባት ሴት በዳይዋን ይቅርታ የምትጠይቅበት ምክንያት ምንድን ነው?»

«የእርቅ ባህሉ ነው፣ ክቡር ፍርድ ቤት። ሁለቱም ወገን ይጠያየቃል።»

«ይሄን ያለ ምስክር አለ? ስንተኛው ገጽ ላይ ነው?»

«ገጽ ላይ … የለም። ግን ክቡር ፍርድ ቤት፣ ይህ ወሎ ውስጥ ማንም የሚያውቀው—»

«ማንም የሚያውቀውን አይደለም የምንመዝነው። መዝገቡ ላይ ያለውን ነው።»

ጀላል እግሩ መቼ እንዳቆመው አያውቅም። «ጌቶች!» አለ። «እኔ ነኝ ያስባልኳት! ወላሂ እኔ ነኝ! ምን አጠፋሁ ብላ ነበር፤ እኔ ነኝ በይ ብዬ የጮህኩባት!»

«አባባ፣ ይቀመጡ።»

«እኔን ጻፉኝ! ልጄን ከምትጥሏት እኔን ጻፉኝ!»

«ይቀመጡ፣ ችሎት ይከበር!»

ፖሊሱ ትከሻውን ይዞ አስቀመጠው፤ ክፉ ሰው አልነበረም፣ ቀስ ብሎ ነው ያስቀመጠው። ጸሐፊዋ ጀላል መጮህ ሲጀምር እጇን ከኮምፒውተሩ አንስታ ጭኗ ላይ አድርጋ ነበር። ጀላል በዕድሜው ያን ያህል ደፍሮ፣ ያን ያህል ራሱን አዋርዶ በሰው ፊት ተናግሮ አያውቅም፤ የተናገረው ግን አንዲት ፊደል ሳይሆን ቀረ።

ለፍርድ ተቀጠረ። በዚያ መሐል ያለውን ጊዜ ጀላል እንዴት እንዳሳለፈው ባይወራ ይሻላል። ይሰግዳል፣ ያርሳል፣ ከከሪማ ጋር አይተያይም። አንድ ቀን እሸት ጠብሳ ስታቀርብለት «አብሽሪ» አላት። «እሺ አባ» አለችው፤ ይኸው ነበር ጨዋታቸው።

በቀጠሮው ቀን የመሐሉ ዳኛ ፍርዱን ቶሎ ቶሎ አነበበው። የግል ተበዳይ ቀናት አሳልፋ ማመልከቷ፣ የሕክምናው ማስረጃ የኃይል ምልክት አለማሳየቱ፣ ከሁሉም በላይ በሽማግሌዎች ፊት ራሷ ይግባኝ ባይን ይቅርታ መጠየቋ በአንድነት ሲመዘን፣ ግንኙነቱ ያለፈቃዷ የተፈጸመ ነው ለማለት አያስደፍርም። በፈቃዷ የተደረገ ሊሆን ይችላል የሚለው ጥርጣሬ ይግባኝ ባይን ይጠቅመዋል። የጥፋተኝነት ውሳኔው ተሽሯል፤ በነፃ ይሰናበት።

ሴቷ ዳኛ ተለይታ ነበር። ልጅቱን በዓይኑ ያየ፣ በጆሮው የሰማ ዳኛ ያመናትን ቃል፣ ወረቀት ብቻ ያየን ሰዎች ልንሽረው አይገባም ብላ አነበበች። ልክ ነበረች። አንድ ለሁለት ሆና ልክ ብትሆን ግን ለከሪማ ምን ፈየደላት?

ግቢው ውስጥ የሂሻም ዘመዶች እልልታ ለቀቁት። ሰርካዲስ ፊቷ ዳምኖ አባትና ልጅ ወደቆሙበት መጣች።

«ሰበር አለ» አለች። «እሱ ጋ አመለክታለሁ።»

«እሱስ ይሰማኛል?»

«ሰበር ማስረጃ አይመዝንም፣ ጋሽ ጀላል። የሕግ ስሕተት ካለ ብቻ ነው።»

«እንግዲያ በፈቃዷ ነው ያሉት በዚሁ ይቀራል?»

«ጌታ እውነቱን ያውቃል» አለች ሰርካዲስ፤ ከዚያም ከሪማን ልታቅፋት እጇን ዘረጋች። ከሪማ ታቀፈችላት እንጂ አላቀፈቻትም።

ወሬ ከመኪና ይፈጥናል፤ አባትና ልጅ ቢስቲማ ሳይደርሱ ፍርዱ ደርሶ ጠበቃቸው። «መንግሥት ወዳ ነው አለ» ተባለ። ለከሪማ ሲያዝኑላት የከረሙ ሴቶች፣ እናቷን ሲያጽናኑ የሰነበቱ ጎረቤቶች፣ ሁሉም «ለካ» አሉ። ይህች «ለካ» የምትባል ቃል ስንት ቤት አፍርሳለች! ማንም ፍርዱን አላነበበም፣ ማንም «ጥርጣሬ» የሚለውን አልሰማም። ዳኛ ሲጠራጠር ገበያ ያምናል። ጥርጣሬው ሂሻምን ነፃ አወጣው፤ እሷን ግን ዝሙተኛ አደረጋት። ሁለት ጎረምሶች ውኃ ልትቀዳ ስትሄድ መንገድ ላይ ቆመው አላሳልፍ አሏት፤ «እኛስ አንወደድም?» ብለው። ከዚያ ወዲያ ውኃውን ቢልቂስ ትቀዳ ጀመር። የከሪማን ታናሽ እህት ለጋብቻ ሊጠይቁ የነበሩ ሰዎችም ቀሩ፤ የቀሩበትን አልተናገሩም፣ መናገርም አላስፈለጋቸውም።

አንድ ጁምዓ ከሶላት በኋላ ሸህ የሱፍ ሁለት ሽማግሌ አስከትለው ደጁ መጡ። ጀላል ምንጣፍ አነጠፈ። ሸህ የሱፍ ስለ ዝናቡ ጠየቁ፣ ስለ ከብቱ ጠየቁ፣ ከዚያ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«ጀላል፣ ከመጣው ጋር መኖር ነው። መንግሥት በፈቃዷ ነው ብሏል።»

«እርስዎ ያውቃሉ» አለ ጀላል። «ምን አጠፋሁ ስትል ሰምተዋል። እኔ ስጮህባት ሰምተዋል።»

«ሰምቻለሁ።»

«ታዲያ ለምን አልተናገሩም?»

«ማን ጠየቀኝ?» አሉ ሸህ የሱፍ፣ ከልባቸው ተገርመው። «በአላህ ኪታብ ምዬ የጠየቁኝን መለስኩ። ያልጠየቁኝን ጨምሬ ብቀባጥር ምን ዓይነት ምስክር እሆን ነበር?» እጃቸውን ጀላል ጉልበት ላይ ጣል አደረጉ። «አሁን ያ አልፏል። የኔ ጭንቅ የልጅቱ ስም ነው። በፈቃዷ ነው ከተባለ ዚና ነው፣ ዝሙት። የዚና መሸፈኛው ደግሞ ኒካህ ነው። ልጁን አነጋግሬዋለሁ፤ ሊያገባት ፈቅዷል።»

ሊያገባት ፈቅዷል! ጀላል ሂሻምን አንገቱን ይዞ መጋዘኑ በር ላይ ሲያጋጨው በዓይነ ኅሊናው ታየው። እምቢ ማለት ፈለገ። ግን የተቀመጡት ዳኞች አይደሉም፤ ዳኛ ላይማ ጮኋል። እነዚህ አበጋር ናቸው። እምቢ ቢላቸው ተነሥተው ልብሳቸውን አራግፈው ይሄዳሉ፤ ዳግመኛም ደጁን አይረግጡም፤ የሚቀጥለው ዓመት ማሽላው ቢመታ፣ ትንሿ ልጅ ብትታመም፣ አገሩ ሁሉ ከምን እንደሆነ ያውቃል። ሸህ የሱፍ ደግሞ የሚያስፈራሩ ሰው አይደሉም። ለልጅቱ አዝነው ነው የመጡት፤ የከፋውም ይኸው ነው።

ቢልቂስ ከጓዳ «ጀላል!» ብላ ተጣራች። አልዞረም።

የጓዳው መጋረጃ ተገለጠና ከሪማ ወጣች። ሁሉንም ሰምታለች። ጎንበስ ብላ የሦስቱንም ሽማግሌዎች ጉልበት ሳመች፤ ጥሩ አድርጎ ያሳደገ አባት ልጅ እንደምታደርገው። ሸህ የሱፍ «ተባረኪ» አሏት። ከዚያ አባቷ ፊት ቆመች። አላለቀሰችም፣ ድምጿም አልተለወጠም።

«አባ» አለች፤ «ዛሬስ ምን ልበል?»

ጀላል ቀና ብሎ አያት። እምቢ በይ ሊላት ይችላል። ማንም አፉን አልያዘውም፣ ማንም አላስፈራራውም፤ ሦስት ሽማግሌና አንዲት ልጅ ከአንደበቱ የሚወጣውን ይጠብቃሉ። ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ፤ የወጣ ነገር ግን የለም።

ሸህ የሱፍ ጥቂት ታገሡት። ከዚያ «ዝም ካለ ወዷል» አሉና ለጋብቻው ፋቲሃውን ጀመሩ።